ሎሪን ማን ቀድሞ ያዘ? የጆርጂያና የአርመኒያ የ1918 ጦርነት

መነሻ ጽሑፍ

ሰላም የመድረኩ ቤተሰቦች። አንድ ነገር ሲከነክነኝ ቆይቷልና እናንተው ፊት ላቅርበው።

በዲሴምበር 1918 ሁለት ጎረቤት ሪፐብሊኮች ተዋጉ። ጆርጂያና አርመኒያ ናቸው። የመጀመሪያው የዓለም ጦርነት ካበቃ ገና ወር መሙላቱ ነበር። ሁለቱም ከተመሠረቱ ሰባት ወር አልሞላቸውም። ሁለቱም የክርስቲያን አገሮች ናቸው። ሁለቱንም የሚመሩት ሶሻሊስቶች ነበሩ። ሁለቱንም በዚያው ዓመት የኦቶማን ጦር ወግቶ መሬት ነጥቋቸዋል። እነዚህ ሁለት አገሮች ሎሪ በሚባል ተራራማ አውራጃ ምክንያት ሦስት ሳምንት ያህል ተታኮሱ።

መነሻው እንዲህ ነው። የሩሲያ ዛር በ1917 ከዙፋኑ ወረደ። በካውካሰስ ግንባር የነበረው የሩሲያ ወታደር ጦርነቱን ትቶ ወደየአገሩ ገባ። ጆርጂያኖች፣ አርመኖችና አዘርባጃኖች ኤፕሪል 22 ቀን 1918 አንድ የጋራ ፌዴሬሽን አወጁ። የቆየው አምስት ሳምንት ብቻ ነው። ሜይ 26 ጆርጂያ ወጣች። ሜይ 28 አርመኒያና አዘርባጃንም በየፊናቸው ነፃነት አወጁ።

በዚያ በጋ የሎሪን ደቡብ የኦቶማን ጦር ያዘው። ሰሜኑን ደግሞ ጆርጂያ ከጀርመን ወታደሮች ጋር ሆና ያዘችው። በኦክቶበር ኦቶማኖች ከሎሪ መውጣት ጀመሩ። በዚያው ወር መጨረሻ ሙድሮስ ላይ የተኩስ ማቆም ስምምነት ፈረሙ። ጀርመኖችም ተሸንፈው ወጡ። እንግሊዞች ግን ገና አልደረሱም ነበር።

የኔ ሐሳብ ይህ ነው። ባለቤቱ የወጣበትን ቤት ቀድሞ የደረሰ ይገባበታል። ሎሪ በእነዚያ ሳምንታት ባዶ ቤት ሆነች። ጦርነቱን ያመጣው የቆየ ጥላቻ አይደለም፤ እንዳልቀደም የሚል ሩጫ ነው። ተሳስቼ ከሆነ አርሙኝ። ደግሞስ የጀመረው ማን ነው?

እንግዲህ ይህን ጽፌ ካደርኩ ወዲህ 34 መልስ መጥቷል። አዲስ የሚገባ ሰው ሁሉንም ከላይ እስከ ታች ማንበብ እንዳይከብደው፣ የተባለውን እንደ አመጣጡ ላውጋችሁ።

መልስ 1 የቀን እርማት ነው። መጀመሪያ ስጽፍ ሜይን ግንቦት፣ ዲሴምበርን ታኅሣሥ ብዬ ነበር። ጸሐፊዋ ይህ አጻጻፍ ሰው ያሳስታል አለች። ልክ ነች፤ አስተካክያለሁ። ከዚያ አንድ ነገር ጨመረች፣ እኔ ጭራሽ አስቤው የማላውቅ። ዲሴምበር 1918 በኛ ታኅሣሥ 1911 ነው። ማለትም የኅዳር በሽታ አዲስ አበባን በፈጀበት ማግስት። እስከ ዛሬ ኅዳር 12 ቆሻሻ እያቃጠልን ኅዳር ሲታጠን የምንለው የዚያን ዓመት ነገር ነው። ይህን ሳነብ ዘመኑ ድንገት ቅርቤ መጣ። አያቶቻችን ሬሳ ሲቀብሩ በከረሙበት ሰሞን ነው እነዚያም የተዋጉት።

መልስ 2 ማበረታቻ ነው፣ አልፈዋለሁ።

መልስ 3ን የጻፉት የታሪክ መምህር ናቸው፤ ቋንቋቸው ትሕትና የሞላበት ነው። የባዶ ቤቱን ምሳሌ ወደውታል። ግን ሁለቱም ወገኖች በኪሳቸው የይገባኛል ሰነድ ይዘው እንደነበር ረስተሃል አሉኝ። በዛሩ ዘመን ሎሪ የቦርቻሎ አውራጃ አካል ነበረች፤ ቦርቻሎ ደግሞ በቲፍሊስ ጠቅላይ ግዛት ሥር ነበር። ቲፍሊስ ማለት የዛሬዋ ትብሊሲ ናት። ስለዚህ ጆርጂያ የምትለው የጠቅላይ ግዛቱ ወሰን የአገር ወሰን ይሁን ነው። አርመኒያ የምትለው ደግሞ በሎሪ የሚኖረው ሕዝብ አብዛኛው አርመን ነው፣ ወሰኑ ነዋሪውን ይከተል ነው። አንዱ የቢሮ ካርታ ያወጣል፣ ሌላው የሕዝብ ቆጠራ ያወጣል። መምህሩ እንዳሉት ሁለቱም መከራከሪያ በዚያ ዘመን በዓለም ፊት ሚዛን የሚደፋ ነበር። ያስቸገረው የትኛው ይበልጣል የሚል ዳኛ አለመኖሩ ነው። በኖቬምበር ጆርጂያ ጎረቤቶቿን ቲፍሊስ ላይ ለጉባኤ ጠርታ ነበር። አርመኒያ ይቆየን አለች፤ ጉባኤው ሳይሆን ቀረ። አላቨርዲ የሚባል የመዳብ ማዕድን ከተማም እዚያው ሎሪ ውስጥ እንዳለ በጎን አስታወሱ። እኔም ለብቻው ጦር ያስነሳል ባልልም፣ ካሳ እንደሚሆን የታሰበ ሀብት መሆኑን እቀበላለሁ።

መልስ 4 ነገሩን ወደ ሃይማኖት ወሰደው። የአርመን ቤተ ክርስቲያን እንደኛው የኬልቄዶንን ጉባኤ ያልተቀበለች እኅት ቤተ ክርስቲያን ናት፤ የጆርጂያ ግን ተቀብላለች፤ ስለዚህ ጠቡ ከዚያ ይመዘዛል ባይ ነው። ብዙ ላይክ አገኘ። መልስ 5 ግን ወዲያው አረመው። ጆርጂያን ይመሩ የነበሩት በኖኤ ዦርዳኒያ የሚመሩት ሜንሼቪኮች ናቸው፤ የቦልሼቪኮች ተቀናቃኝ የሆኑ ሶሻሊስቶች። አርመኒያን ይመራ የነበረው ዳሽናክ የሚባለው የአርመን ሶሻሊስት ፓርቲ ነው። ሁለቱም ዛሩን ሲታገሉ የኖሩ አብዮተኞች ናቸው። ስለ ኬልቄዶን አንድም ቃል ሲለዋወጡ አይገኝም። መጣላታቸው በመሬት ነው። እኔም ከመልስ 5 ጋር ነኝ።

መልስ 6 ላይ ትንሽ ልቆይ። ዱባይ የሚሠራ ልጅ ነው የጻፈው። ለእረፍት ትብሊሲ ሄዶ፣ ከዚያ በሚኒባስ ወደ አርመኒያ ዋና ከተማ ወደ የሬቫን ተሻግሯል። ድንበሩን ያለፈው ሳዳክሎ ላይ ነው። ሳዳክሎ በ1918ቱ ጦርነት የተዋጉባት ቦታ ናት። ከድንበሩ እንዳለፉ መንገዱ ደበድ የሚባል ወንዝ ይዞ ሸለቆ ውስጥ ይገባል። ግራና ቀኙ ገደል ነው። ወንዙ፣ አስፋልቱና ሐዲዱ ታች ተጠጋግተው ይሄዳሉ። መንደሮቹ ግን ታች አይደሉም። ቀና ካላልክ አይታዩም። አፋፉ ላይ ሜዳ አለ፤ ሰው የሚኖረው፣ የሚያርሰው እዚያ ነው። የሃግፓትና የሳናሂን ገዳማትም እዚያው አፋፍ ላይ ናቸው፤ ሁለቱም ከ10ኛው መቶ ዘመን ጀምሮ የነበሩ። ታች አላቨርዲ ስትደርስ የመዳብ ማቅለጫው ጭስ ማውጫ ተራራው ላይ ቆሞ ይታያል። ወንዙ ላይ አንድ የቆየ የድንጋይ ድልድይ አለ፣ በ12ኛው መቶ ዘመን መጨረሻ የተሠራ። ልጁ ድልድዩ ላይ ቆሞ ወደ ላይ አንጋጦ አየ፤ አንገቱን አመመው። ከላይ ድንጋይ ቢንከባለል እንኳ ታች ያለ ሰው የሚሸሽበት የለውም ብሎ እንዳሰበ ጻፈ።

ይህን ካነበብኩ በኋላ ጦርነቱ ገባኝ። ከዚያ በፊት በካርታ ብቻ ነበር የማየው። የጆርጂያ ወታደር የሰፈረው ታች ነው፣ ሐዲዱንና ጣቢያዎቹን ይዞ። የአርመን ገበሬ ያለው ላይ ነው። ገበሬው ከተነሳና ሐዲዱ ከተቆረጠ፣ ታች ያለው ወታደር ጉድጓድ ውስጥ ቀረ ማለት ነው። የሆነውም ይኸው ነው። ሳናሂን ጣቢያ ላይ የነበሩት የጆርጂያ ወታደሮች ተከበቡ። ብረት ለበስ ባቡር ተላከላቸው። ሐዲዱ እየተነቀለ ያ ሁሉ ብረት በጠባቡ ሸለቆ ውስጥ መፈናፈኛ አጣ።

ከመልስ 7 ጀምሮ ክርክሩ ጋለ።

መልስ 7 ጀማሪዋ አርመኒያ ናት ብሎ ተነሳ። ማስረጃው ቀን ነው። በዲሴምበር አጋማሽ የአርመኒያው ጠቅላይ ሚኒስትር ሆቫነስ ካጃዝኑኒ ጆርጂያ ሎሪን እንድትለቅ የመጨረሻ ማስጠንቀቂያ ላከ። በማግስቱ፣ ከማግስትም በማግስቱ፣ በድራስታማት ካናያን የሚመራው የአርመን ጦር በሦስት አቅጣጫ ገፋ። ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ መልስ ሳይጠብቅ የገባ እሱ ነው ጀማሪው አለ።

መልስ 8 የለም አለ። ከዚያ በፊት ባለው ሳምንት ኡዙንላር የምትባል መንደር ተነስታለች። የዛሬ ስሟ ኦድዙን ነው። የጆርጂያ ጦር የሰፈረባት የአርመን መንደር ነበረች። ነዋሪዎቹ ወታደሩ በኛ ላይ ግፍ ሠራ ብለው መሣሪያ አነሱ። ጦርነቱ የጀመረው እዚያ ነው፣ መንግሥት የገባው በኋላ ነው አለ።

መልስ 9ን የጻፈው ያው የመልስ 7 ሰው ነው፤ ይህን አልተቀበለም። የመንደሩን አመፅ ያቀነባበረው የአርመኒያ ጦር ነው፣ ገበሬ ብቻውን እንዲህ አይደራጅም ባይ ነው። እዚህ ላይ አንድ ነገር አስተዋልኩ። ይህ ሰው መልስ 9ን ሲጀምር የመልስ 8ን ጸሐፊ አንቱ ብሎ ነበር። ሲጨርስ እርስዎ ሆነ። በመልስ 11 አንተ ላይ ወረደ። መልስ 8ን የጻፈውም አልቀረለትም፤ በመልስ 13 አላዋቂ አለው። በመሐል መልስ 10 ኦቶማኖች ሲወጡ በኦክቶበር ጆርጂያኖችና አርመኖች የተኮሱትን የመጀመሪያ ተኩስ አስታውሶ ሊያስታርቃቸው ሞከረ። ጠቡን ወደ ኦክቶበር ወሰዱት እንጂ አልበረደም።

መልስ 12 ደግሞ ነገሩን ጎትቶ ወደኛው አገር ወሰን ክርክር ሊያስገባው ፈለገ። ብዙ ሰው ሊከተለው ተዘጋጅቶ ነበር። አወያዩ በመልስ 14 ገባና ሦስት ነገር አለ። ስድብ ይቅር። የራሳችን ጉዳይ የራሱ ቦታ አለው። የሁለቱን ሰዎች የመጨረሻ ኮሜንት አጥፍቻለሁ። እኔ አወያዩን አመሰግናለሁ። ጥያቄዬ ስለ ሎሪ ነው። የሞቱት ሰዎች ለሌላ ክርክር ምሳሌ ሆነው ሳያልቁ፣ አንዴ እንኳ የራሳቸው ታሪክ እንዲነገርላቸው ነው የፈለግኩት።

መልስ 15 እና 16 ይቅርታ መጠያየቅ ናቸው። ሁለቱም ተመልሰው አንቱ ተባባሉ። ደስ አለኝ።

መልስ 17ን ያነበበ ሰው ሁሉ ዝም ያለ ይመስለኛል፤ ለግማሽ ቀን ሌላ መልስ አልመጣም። የጻፉት አንዲት ድሬዳዋ ተወልደው ያደጉ እናት ናቸው። አባታቸው የባቡር ሠራተኛ ነበሩ። እኛ ስለ መሬትና ስለ ወሰን ስንከራከር እሳቸው የጠየቁት አንድ ነገር ነው። ባቡሩስ? ድሬዳዋ ባቡር ሲቆም ምን እንደሚሆን ያውቁታል። መጀመሪያ ገበያው ይቀዘቅዛል። ቀጥሎ ስኳርና ዱቄት ይደበቃል። ከዚያ እናቶች በር ላይ ቆመው የሐዲዱን ድምፅ ያዳምጣሉ። እና ከባሕሩ በኩል ወደ አርመኒያ የሚገባው ብቸኛ ሐዲድ በቲፍሊስ አልፎ፣ በደበድ ሸለቆ፣ በሳናሂን በኩል ከሆነ የሚሄደው፣ የተዋጉት ሐዲዱ ላይ ነው ማለት ነው። ታዲያ ያን ክረምት የአርመኒያ ሕዝብ ምን በላ?

ይህን ጥያቄ እኔ መጠየቅ ነበረብኝ። አልጠየቅኩም።

መልስ 18 የራሴ ነው። ማምሻውን ያለኝን ሁሉ አገላብጬ መለስኩላቸው። ያኔ አርመኒያ ማለት በየሬቫን ዙሪያ ያለች ትንሽ ድንጋያማ አገር ናት። በ1915 በኦቶማን ግዛት ከተፈጸመው የዘር ማጥፋት ያመለጡ ስደተኞች በመቶ ሺህ የሚቆጠሩ ሆነው ሞልተውባታል። እርሻው በጦርነቱ ጠፍቷል። በደቡብና በምዕራብ ድንበሩ ዝግ ነው። እህል ቢመጣ የሚመጣው በጆርጂያ ነው። ጦርነቱ ሲነሳ ሐዲዱ ተዘጋ። በ1918ና በ1919 መካከል በነበረው ክረምት በረሃብ፣ በብርድና በተስቦ ወደ 200 ሺህ የሚጠጋ ሰው እንደሞተ የታሪክ ሊቃውንት ይገምታሉ። ሁሉንም የገደለው የሦስት ሳምንቱ ጦርነት ነው አልልም። ረሃቡ ከፊቱም ነበረ፣ ከኋላውም ቀጥሏል። ግን በዚያ ወር የመጨረሻዋን በር ዘጋው።

የባዶ ቤት ምሳሌዬን ያፈረሰው ይህ ነው። ሎሪ ባዶ አልነበረችም። የሁለት አገር ጉሮሮ የሚያልፍባት ቤት ነበረች።

መልስ 19 አጭር ነው፤ ግን ወሳኝ እርማት አለው። ጆርጂያ ሐዲዱን ከጦርነቱ በፊትም አንዳንዴ ታጓትት ነበር፣ እህል ለራሷም አልበቃትም ነበርና ይላል። ልክ ነው። ቲፍሊስም ያኔ በስደተኛ የተጨናነቀች፣ የዳቦ ሰልፍ የሚረዝምባት ከተማ ነበረች።

መልስ 20 ስለ ቲፍሊስ አርመኖች ነው፤ የዚህ ታሪክ መራራው ክፍል እሱ ይመስለኛል። በዛሩ ዘመን መጨረሻ የቲፍሊስ ነዋሪ ውስጥ ቁጥራቸው ከሁሉ የሚልቀው አርመኖች ነበሩ። ነጋዴው፣ ባንክ ቤቱ፣ ማተሚያ ቤቱ፣ የከተማው ምክር ቤት። ከ1910 እስከ 1917 የቲፍሊስ ከንቲባ የነበረው አሌክሳንደር ኻቲስያን አርመን ነው። ተወላጅነቱም እዚያው ነው። ይኸው ሰው በ1919 የአርመኒያ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆነ። የአንዱን አገር ዋና ከተማ ያስተዳደረ ሰው የሌላውን አገር መንግሥት መራ። ጦርነቱ ሲነሳ ግን የጆርጂያ መንግሥት ለውትድርና የደረሱ አርመን ወንዶችን እንደ ጦር ምርኮኛ ሰብስቦ አሰረ። ብዙዎቹ ምዕራብ ጆርጂያ ውስጥ ወዳለችው ወደ ኩታይሲ ከተማ ተላኩ። ሎሪን አይተው የማያውቁ ሱቅ ጠባቂዎችና ጸሐፊዎች ነበሩባቸው። መልስ 20ን የጻፈችው ልጅ ሱቁን ቆልፎ ቁልፉን ለጆርጂያዊ ጎረቤቱ ሰጥቶ የሚሄድ ሰው ይታየኛል አለች። ለኔም ታየኝ።

መልስ 21 ከመስመር ወጣ፤ ግን በመልካም ነው። አዲስ አበባ ፒያሳ ያደገ ሰው ነው። ስለ አርመን ሲነሳ ትዝ የሚለው የሰፈሩ አርመን ጫማ ሠሪና ፒያሳ አካባቢ ያለው የአርመን ቤተ ክርስቲያን ነው። ራስ ተፈሪ በ1924 ኢየሩሳሌም የአርመን ገዳም ውስጥ አግኝተው ወደ አዲስ አበባ ያመጧቸውን አርባ ልጆችም አነሳ። አርባ ልጆች ተብለው የቀሩት፣ የማርሽ ባንድ የሆኑት ናቸው። መሪያቸው ኬቮርክ ናልባንዲያን የንጉሠ ነገሥቱን ዘመን ብሔራዊ መዝሙር ዜማ ሠራ። ጸሐፊው እነዚህ ልጆች የሎሪው ጦርነት ወላጅ አልባዎች ሳይሆኑ አይቀሩም ብሎ ገመተ።

መልስ 22 አረመው። አርባዎቹ ልጆች ከኦቶማን በኩል ያለው እልቂት ተራፊዎች ናቸው። ናልባንዲያንም የአይንታብ ሰው ነው፣ ዛሬ ደቡብ ቱርክ ውስጥ ያለች ከተማ። ሎሪ በሩሲያ በኩል ናት። ሁለት የተለያየ ምዕራፍ ነው። እኔም ይህ እርማት እንዳይዘነጋ እፈልጋለሁ፤ ብዙ ቦታ ሲምታታ አይቻለሁ። ሆኖም መልስ 21ን ስለጻፈው ሰው አመሰግናለሁ። ከመልስ 23 እስከ 25 ሁሉም ስለ ፒያሳ ትዝታ ነው። ደስ የሚል ነው፣ ግን እዚህ አልደግመውም። አንዱ ለብቻው ክር ቢከፍትለት ጥሩ ነው።

መልስ 26 ወደ ጉዳዩ መለሰን። መምህሩ ናቸው። ጦርነቱ እንዴት እንዳበቃ ጻፉ። እኔ የማውቀው ማብቃቱን ብቻ ነበር። የአርመን ጦር እስከ ሹላቬሪ ገፍቶ ነበር። ሹላቬሪ ከቲፍሊስ ብዙም አትርቅም። የጆርጂያው ጄኔራል ጊዮርጊ ማዝኒያሽቪሊ ጦሩን አሰባስቦ መልሶ አጠቃ። በዚህ መሐል እንግሊዞች ቲፍሊስ ገቡ። ጄኔራል ራይክሮፍት የሚባል የእንግሊዝ መኮንን ከፈረንሳዩ ተወካይ ጋር ሆኖ ዲሴምበር 25 ቀን ስብሰባ ጠራ። ጦርነቱ ይቁም፣ ሎሪ በእንግሊዝ ቁጥጥር ሥር ትሁን ተባለ። ግን ተኩሱ የሚቆመው ዲሴምበር 31 እኩለ ሌሊት ላይ ሆነ።

መምህሩ እዚህ ቆም አሉ። በዲሴምበር 25 እና በዲሴምበር 31 መካከል ስድስት ቀን አለ። ወሰኑን ማን እንደሚጠብቀው ከተወሰነ በኋላ ነው። ሁለቱም ጦር በእነዚያ ስድስት ቀናት ባሰ ተዋጋ። ሰዓቱ ሲሞላ የቆምኩበት ቦታ ለድርድር ይጠቅመኛል በሚል ነው። ሹላቬሪ ተመልሳ በጆርጂያ እጅ የገባችው በእነዚያ ቀናት ነው። እኔ ይህን ሳነብ ያሰብኩት ዲሴምበር 30 ላይ የሞተውን ልጅ ነው። አንድ ቀን ቀርቶት ነበር። እናቱ በኋላ ቀኑን ቆጥራ ይሆናል።

በጃንዋሪ 1919 ቲፍሊስ ላይ ተስማሙ። ሰሜኑ ለጆርጂያ፣ ደቡቡ ለአርመኒያ ሆነ። መሐሉ፣ አላቨርዲና መዳቡን ጨምሮ፣ የማንም ያልሆነ ገለልተኛ ቀጠና ተብሎ በእንግሊዝ ኃላፊ ሥር ገባ። የተዋጉበትን መሬት ሁለቱም አላገኙትም።

መልስ 27 ይህ ፍትሐዊ ነው፣ ሁለቱም ደም እንዳይፋሰሱ አደረገ አለ። መልስ 28 በቁጣ መለሰ። እንግሊዝ ለነዳጅና ለሐዲድ እንጂ ለሰላም አልመጣም ነው የሚለው። ባኩ ነዳጅ አለ፣ ባቱም ወደብ አለ፣ በመሐል ሐዲድ አለ። ቃላቱ ሻካራ ቢሆኑም ሐሳቡ ውስጥ እውነት አለ። እንግሊዞች ብዙም ሳይቆዩ ጦራቸውን ከአካባቢው ማስወጣታቸው ይታወቃል። ግን ያን ሌሊት ተኩሱን ያስቆመ ሌላ ማንም አልነበረም። ሁለቱን አብሬ መያዝ እችላለሁ።

መልስ 29 ላይ ዱባይ ያለው ልጅ ተመልሶ መጣና መጨረሻው ምን ሆነ ብሎ ጠየቀ። መልስ 30ን የጻፈው ያ መልስ 8ን የጻፈው ሰው ነው፤ አሁን በረጋ አንደበት። በ1920 መገባደጃ የቱርክ ብሔርተኞች ጦር አርመኒያን ሲወጋ፣ ጆርጂያ በስምምነት ወደ ገለልተኛው ቀጠና ወታደር አስገባች። ዲሴምበር 2 ቀን አርመኒያ ሶቪየት ሆነች። በፌብሩዋሪ 1921፣ ከ11 ወደ 12 በሚያነጋው ሌሊት፣ በዚያው በሎሪ አመፅ ተነሳ። ከጀርባው ቦልሼቪኮች ነበሩ። ቀይ ጦር አመፀኞቹን ልረዳ ነው ብሎ በዚያ በኩል ገባ። ፌብሩዋሪ 25 ቲፍሊስ ወደቀች።

ይህን መልስ ሦስት ጊዜ አነበብኩት። ጆርጂያ እንዳትወሰድባት የታገለችላት ሎሪ ቀይ ጦር የገባባት በር ሆነች። ሁለቱ ሪፐብሊኮች ከሜይ 1918 ጀምሮ አንዷ ሁለት ዓመት ተኩል፣ ሌላዋ ሦስት ዓመት ያልሞላ ዕድሜ ኖሩ። ከዚያች ዕድሜ ላይ ያን ዲሴምበር ቀንሱላት።

መልስ 31 ሌላውን የጠብ መሬት አስታወሰ። አኻልካላኪ የምትባል አውራጃ አለች፤ እሷም ብዙው ነዋሪዋ አርመን ነው። ኦቶማኖች ሲወጡ ጆርጂያ ያዘቻት። በሶቪየት ዘመን ወሰኑ ሲሰመር ሎሪ ለአርመኒያ፣ አኻልካላኪ ለጆርጂያ ሆነች። ዛሬም እንደዚያው ናቸው። ስለ አኻልካላኪ ለብቻው መጻፍ አለብኝ፤ ብዙ ያልተባለ ነገር አለ።

መልስ 32ን የጻፈው መልስ 7ን የጻፈው ሰው ነው። ሁለቱ ተከራካሪዎች እስከ መጨረሻ መቆየታቸውን ልብ በሉልኝ። በ1990ዎቹ ከአዘርባጃን ጋር በነበረው ጦርነት የአርመኒያ የቱርክና የአዘርባጃን ድንበሮች ሲዘጉ፣ ዋናዋ መውጫዋ እንደገና ይህችው የጆርጂያ መንገድ ሆነች አለ። በዚያ ዘመን ሳዳክሎ ላይ ትልቅ ገበያ ነበር። አገሮቻቸው እየተዋጉ፣ አርመንና አዘርባጃን ነጋዴዎች ጎን ለጎን ሻንጣ ዘርግተው ይገበያዩ ነበር። ጆርጂያና አርመኒያ ግን ከ1918 በኋላ ዳግም አልተዋጉም። የሚከራከሩበት ቀን እንኳ ሐዲዱ ይሄዳል። ከትብሊሲ የሬቫን የሚሄደው የሌሊት ባቡር አሁንም በደበድ ሸለቆ ነው የሚያልፈው።

መልስ 33 የድሬዳዋዋ እናት ናቸው። ሁለት መስመር ብቻ። ስለ መንግሥታቱ ብዙ አነበብኩ፣ አመሰግናለሁ አሉ። ያልመለሳችሁልኝ ግን ተኩሱ ከቆመ በኋላ በሐዲዱ ላይ መጀመሪያ ያለፈው ምን እንደሆነ ነው።

መልስ 34 የኔ ነው። መጀመሪያ ያለፈውን ባቡር በስም አላውቀውም ብዬ ልተወው አልኩ። ግን የጠየቁት ስለ እንጀራ ነው፣ ስለ እንጀራ የማውቀውን ጻፍኩላቸው። በ1919 ጸደይ የአሜሪካ እርዳታ በመርከብ ባቱም ወደብ ደረሰ። ባቱም ላይ ባቡር ላይ ተጫነ። በቲፍሊስ አለፈ፣ በሳዳክሎ አለፈ። በሳናሂን ጣቢያ፣ ያ ሁሉ ሰው በሞተበት ገደል ሥር አለፈ። ከዚያ ሽቅብ ወጥቶ አሌክሳንድሮፖል ገባ፤ ዛሬ ግዩምሪ የምትባለው ከተማ። እዚያ ስደተኞቹ በሺህ እየሆኑ ይጠብቁ ነበር። ፉርጎዎቹ የጫኑት ዱቄት ነው።